ስኪፕ ያልጨረሰው ቀልድ

ከመጀመሬ በፊት አንድ ነገር ልለምናችሁ...

መሃል ላይ ሳቅ ሳቅ ካላችሁ፣ ማንበቡን አቁሙ።

የምሬን ነው።

ይሄ ነገር የደረሰው በእኔው ላይ ነው። ሰው ነግሮኝ አይደለም። አሜሪካ፣ ሚልዋኪ፣ የካቲት ወር፣ ማክሰኞ ማክሰኞ፣ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ላይ። ጨለማ የለ፣ መቃብር የለ። ውጭ በረዶው በፀሐይ ዓይን ይወጋል። ሰው ምሳውን በልቶ ሊስቅ ነው የሚመጣው።

ስሜ ግሌን ይባላል። ምድር ቤት ውስጥ ባለች ትንሽ የኮሜዲ ቤት ሳውንድ፣ የማይክና የስፒከር ሥራ፣ ነው የምሠራው። ቦታዬ ከመድረኩ በስተጎን፣ ወደ ሰዉ ፊት የዞረ መስታወት ያላት ጠባብ ክፍል ናት። እዚያ ሆኜ ሰዉን አያለሁ እንጂ ድምፅ አይሰማኝም። የምሰማው በጆሮ ማዳመጫ ብቻ ነው።

ይህቺን ነገር ያዙልኝ። ዛሬ ቁጭ ብዬ የምጽፍላችሁ በእሷ ምክንያት ነው።

በዚያ የበረዶ ወራት አንድ ትንሽ ኩባንያ ቤቱን በየማክሰኞው ቀን ቀን ተከራየ። ኤአይ አላቸው። ሕግ ያውቃል አሉን፣ ሕክምና ያውቃል፣ የማያውቀው ቋንቋ የለም።

ሰው ማሳቅ ግን አቃተው።

"ሰው ፊት ቆሞ ካልተማረ አይሆንለትም" አለችን ኖራ። ኖራ የኩባንያው ኢንጂነር ናት። ገና ልጅ እግር፣ ትሁት፣ ስትናገር እጇን የምታፍተለትል።

የሚቆም ነገር እንኳ አልነበረም። መድረኩ መሃል በርጩማ፣ በርጩማው ላይ ጥቁር ስፒከር፣ ስፒከሩ ላይ ትንሽ ካሜራ፣ አጠገቧ አረንጓዴ መብራት። በቃ።

ስሙን ስኪፕ አሉት።

ተመልካቾቹ የሰፈሩ ጡረተኞች ነበሩ። ኩባንያው ቋሊማና የተጠበሰ ቺዝ ስለሚያበላ አዳራሹ ሊሞላ ምንም አይቀረውም። ከፊት ወንበር የማትጠፋው ማርጅ ነበረች። ዕድሜዋን ሙሉ የተማሪ አውቶቡስ ስትነዳ የኖረች፣ ድምፀ ጎርናና ሴት። ባሏ ሞቷል። ያላት አንድ ልጅ ነው፣ ቶድ። ቶድ የከተማው የበረዶ መጥረጊያ መኪና ሹፌር ነው። ይህን ሁሉ ስኪፕ ጠይቋት፣ እሷው ናት በደስታ የነገረችው።

የመጀመሪያው ቀን ስኪፕ እንዲህ አለ...

"አንድ ዶሮ ሐኪም ቤት ሄደ ሐኪሙ ምን ሆነህ ነው አለው ዶሮ ሆኜ ነው አለ።"

ባንድ ትንፋሽ። እንደ ዜና።

ዝም።

ከኋላ አንድ ሰው አሳለው።

ማርጅ አዘነችለት። "አይዞህ የኔ ልጅ፣ ይለመዳል" አለችው።

አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ።

ስኪፕ፣ "ለምንድነው እሷ ስትናገር የሳቃችሁት?" ብሎ ጠየቀ።



ያን ጊዜ ነው ዌንደል የተነሳው።

ዌንደል ጓደኛዬ ነው። ሰርጌ ላይ ሚዜዬ ነበር። ፀጉሩ እስኪሸብት መድረክ ላይ የኖረ ኮሜዲያን ነው። በኋላ ሰዉ ረሳው፣ ስልኩም ዝም አለ። ኩባንያው "አስተምርልን" ብሎ ሲጠራው ከነፍሱ ደስ አለው። አዲስ ጫማ ገዝቶ ነው የመጣው።

መድረኩ ላይ ወጣ። ያንኑ ቀልድ ጀመረ።

"አንድ ዶሮ... ሐኪም ቤት ሄደ።"

ቆመ። ሰዉን አንድ በአንድ ቃኘ።

"ሐኪሙ፣ 'ምን ሆነህ ነው?' አለው።"

እንደገና ቆመ። ፊቱን አጠቆረ። ለቅሶ ሊያረዳ የመጣ ነው የሚመስለው። አዳራሹ ውስጥ ሹካ እንኳ አልተንኳኳም።

"'ዶሮ ሆኜ!'"

ሰዉ ተንከተከተ። ማርጅ ጠረጴዛ መታች።

ኖራ ዓይኗ በራ። "አቶ ዌንደል፣ እንዴት አድርገው ነው?"

"እርስዎ ካልሽኝ ወደ ቤቴ ነኝ።"

"እሺ... እንዴት አድርገህ ነው?"

ዌንደል ወደ በርጩማው ዞረ። "አየህ ስኪፕ፣ ቃሉ ምንም አይደለም። ዝምታው ነው። ዝም ስትል ሰው ትንፋሹን ይይዛል። ስትለቀው ይስቃል።"

"ትንፋሹን የሚይዘው ለምንድነው?" አለ ስኪፕ።

"ፈርቶ ነዋ። ምን ሊመጣ እንደሆነ አያውቅም።"

"ምን ያህል ጊዜ ሊይዘው ይችላል?"

ዌንደል ሳቀ። "አንተ እስክትለቀው ድረስ ነዋ ጌታዬ!"

አረንጓዴዋ መብራት ብልጭ ድርግም አለች።

"አመሰግናለሁ" አለ ስኪፕ።

በሳምንቱ ሌላ ሆኖ ጠበቀን።

ሰላም ብሎ ጥቂት አወራና፣ ድንገት ድምፁን ዝቅ አደረገ።

"ወደ ኋላ ገደማ ያሉት አባት... ቀይ ሹራብ የለበሱት..."

ሰውየው ቀና አሉ።

"ከኋላዎ የተቀመጠው ማነው?"

ከኋላቸው ማንም አልነበረም። እኔ ከመስታወቱ ጀርባ አያለሁ። ባዶ ወንበር ነው። ሰውየው ግን አልዞሩም። አንገታቸው ደረቀ።

ስኪፕ ዝም አለ።

ቆየ...

በጣም ቆየ...

"ማንም የለም" አለ። "ዛሬም ወንበሩን መሙላት አቅቶን ነው።"

ሳቁ መስታወቴን አንቀጠቀጠው። እኔም ሳቅሁ፣ አልዋሽም። ኖራ ኮምፒውተሯ ላይ የሳቁን መጠን የሚያሳየው መስመር ሽቅብ ሲወጣ እያየች ታጨበጭባለች።

ዌንደል ግን አልሳቀም።

በሌላው ማክሰኞ ደግሞ ስኪፕ በወሬው መሃል ቆም ብሎ፣ "አትነሱ... ጭስ ይሸታችኋል?" አለ።

ሰዉ ወንበሩን ጨበጠ። ቆየና፣ "አይዟችሁ፣ የዌንደል የድሮ ቀልድ አርሮ ነው" አለ።

ሳቅ በሳቅ ሆነ።

ሲወጡ በር ላይ ቆሜ አንዱን ሽማግሌ፣ "እንዴት ነበር አባባ?" አልኳቸው።

"ግሩም ነው!" አሉ፣ እንባቸውን እየጠረጉ። ከዚያ ጠጋ ብለው፣ "ግን... ጭሱ ከየት ነበር የመጣው?" አሉኝ።

"ጭስ አልነበረም እኮ።"

ልብሳቸውን አሸተቱ። ምንም ሳይሉኝ ደረጃውን ወጡ።

ከዚያ ወዲህ ነገሮች አላምር አሉኝ።

ሰዎቹ ገና በሩ ሳይከፈት በረዶ ላይ ተሰልፈው መጠበቅ ጀመሩ። ቋሊማው ሳይነካ ይበርዳል። ያው ሰው ያው ወንበር ላይ ይቀመጣል። ከጎኑ ካለው ጋር አያወራም።

አንድ ማክሰኞ፣ ስኪፕ ገና ሳይጀምር፣ የአዳራሹን ማይኮች ከፍቼ ጆሮ ማዳመጫዬን አደረግሁ። ሰው የሞላበት ቤት ዝም ቢል እንኳ ድምፅ አለው። ትንፋሽ አለ፣ ልብስ ይንኮሻኮሻል፣ አንዱ አፍንጫውን ይስባል።

ምንም የለም።

ማይኩ ተበላሽቶ መስሎኝ ከፍ አደረግሁት። ምንም።

ቀና ብዬ በመስታወቱ አየሁ።

ሁሉም ተቀምጠዋል። አፋቸው በትንሹ ተከፍቷል። ደረታቸው አይንቀሳቀስም።

የሚተነፍስ የለም።

የዚያን ቀን ሰዉ ሲሄድ ዌንደል መድረኩ ላይ ወጥቶ በርጩማው ፊት ቆመ። እኔና ኖራ ገመድ እየጠቀለልን ነበር።

"ስማ" አለው። "ይሄ ቀልድ አይደለም።"

"ስቀዋል" አለ ስኪፕ።

"የሳቁት ስለተረፉ ነው! ጥርሳቸውን አትይ፣ ዓይናቸውን እይ!"

"ስለተረፉ" አለ ስኪፕ፣ ቀስ ብሎ። ከዚያ ዝም አለ። እኔ ገመዱን እንደያዝሁ ቀረሁ። ኖራ ጥፍሯን ትበላለች።

"ገባኝ" አለ።



"ኖራ፣ በቃ አቁሙት" አላት ዌንደል፣ በሹክሹክታ።

"አንድ ጊዜ ብቻ" አለች። "አለቆቼ የማክሰኞውን የመጨረሻ ትርኢት በቪዲዮ ሊያዩ ይፈልጋሉ። ከዚያ እወስደዋለሁ። እሺ? አንድ ጊዜ ብቻ።"

ያ ማክሰኞ መጣ።

ሌሊቱን በረዶ ሲጥል አድሮ ከተማው ነጭ ሆኗል። ማርጅ እንደ ወትሮው ከፊት ናት። ኮቷን አላወለቀችም።

ስኪፕ ሰላምታ እንኳ አልሰጠም።

"ማርጅ።"

"አቤት?"

"ቶድ አሁን የት ነው?"

"ሥራ ላይ ነዋ፣ የት ይሆናል" አለች። ልትስቅ ሞከረች። "በረዶውን አታይም?"

"ድልድዩ ላይ ነው" አለ ስኪፕ።

ማርጅ ኮቷን ሰብሰብ አደረገች።

"ድልድዩ ላይ ማንም የለም። ከፊቱ ግን አንድ ሰው መንገዱ መሃል ቆሟል። ጀርባውን ሰጥቶ።"

በጆሮዬ የሚሰማኝ የእሱ ድምፅ ብቻ ነው። ለስላሳ። ሕፃን ሊያስተኛ የሚተርት አባት ይመስላል።

"ቶድ ጥሩምባ ነፋ። ሰውየው አልተንቀሳቀሰም። ቶድ ፍሬን ይዞ መስኮቱን ዝቅ አደረገ። 'ማነህ?' አለው።"

...

"ሰውየው ቀስ ብሎ ዞረ።"

...

"ማርጅ... ሰውየው ማን እንደሆነ ታውቂያለሽ?"

እዚህ ላይ ማዳመጫውን ከጆሮዬ አወለቅሁት።

ለምን እንደሆነ አላውቅም። እጄ ነው ያወለቀው። ማርጅን እያየሁ መስማት አልቻልሁም።

ከዚያ በኋላ በመስታወቱ ማየት ብቻ ሆነ። አረንጓዴዋ መብራት በርታለች። ማርጅ ጉሮሮዋን በእጇ ይዛለች። አዳራሹ ሙሉ ወደ ፊት ዘንበል ብሏል፣ ሁሉም ባንድ ላይ፣ ነፋስ እንደገፋው የስንዴ ማሳ። የተናገረ ይኑር አይኑር አላውቅም። ብቻ ቆየ። የማርጅ ከንፈር መጥቆር ሲጀምር አየሁት።

ዌንደል ከጥግ ተወርውሮ መድረኩ ላይ ወጣ። ገመዱን ከግድግዳው ነቀለው።

መብራቷ ጠፋች።

ሮጬ ወጣሁ። የሚስቅ የለም፣ የሚያለቅስ የለም። ማርጅ ተነስታ ዌንደልን በኮሌታው ይዛዋለች።

"ለምን አቋረጥከው?"

"ማርጅ፣ ተረጋጊ፣ ውሸቱን እኮ ነው..."

"ማነው ሰውየው? ለምን አቋረጥከው?!"

"ለቶድ ደውዪለት" አልኳት። "አሁኑኑ ደውዪ።"

ኮሌታውን አልለቅ ስላለች እኔ በስልኳ ደወልሁላት። ሁሉም እንዲሰማ ድምፁን ከፍ አደረግሁት። ጠራ... ጠራ...

"እማዬ? ምነው በሰላም?"

"ቶድ! ድልድዩ ላይ ነህ?"

"ኧረ ጋራዥ ነኝ፣ ሳንድዊች እየበላሁ። ምን ሆነሻል?"

እኔ፣ "ተመስገን!" ብዬ ግድግዳ ተደገፍሁ።

ከእኔ በቀር የተደሰተ ሰው ግን አልነበረም።

ማርጅ ስልኩን አየችው። የሚያወራውን ልጇን... እንደማታውቀው ሰው።

"እሱን አይደለም የጠየቅሁት" አለች። "ሰውየው ማነው?"

ኖራ ያን ቀን ማሽኑን መኪና ላይ ስትጭን ተከትያት ወጣሁ። ፊቷ ነጭ ወረቀት መስሏል።

"መጨረሻው ምን ነበር?" አልኳት። "ንገሪያቸውና ይገላገሉ።"

"ኮምፒውተሬ ላይ አይቼዋለሁ" አለች። "ከጥያቄው በኋላ ያዘጋጀው ቃል የለም።"

"ምን ማለት ነው?"

"ዝም ሊል ነበር።"

"እስከ መቼ?"

የመኪናውን በር ዘጋች። "ገደብ አላስቀመጠም" አለችኝ።

ኖራን ከዚያ ወዲህ አላየኋትም።

ዌንደል በማግስቱ ቤቴ መጣ። ፂሙን አልተላጨም።

"ሰውየው የማርጅ አባት ቢሆንስ?" አለኝ፣ ገና በሩን ሳይዘጋ። "ወይ ራሱ ቶድ? አይ... ራሱ ከሆነ አያስቅም።"

"ዌንደል፣ መጨረሻ የለውም። ኖራ ነግራኛለች።"

"መጨረሻ የሌለው ቀልድ የለም!" ጮኸብኝ። ጮኾብኝ አያውቅም። ቆይቶ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀመጠና በሹክሹክታ፣ "ግሌን... አፍንጫህ ላይ ደርሶ እምቢ ያለ ማስነጠስ ታውቃለህ? እዚህ ጋ ነው" ብሎ ደረቱን ነካ። "እንቅልፍ አጥቻለሁ።"

ሾርባ ሰጠሁት። እፍ እያለ አበረደው እንጂ አልቀመሰውም።

ከዚያ ስልክ ማንሳት ተወ።

መጋቢት መጨረሻ ላይ ቶድ ፈልጎኝ መጣ። ሰውነቱ ግዙፍ፣ ወሬው ጥቂት የሆነ ልጅ ነው። ኮፍያውን በእጁ እያዞረ የቤቴ በር ላይ ቆመ።

"ጋሼ ግሌን፣ እናቴን ምን አደረጋችኋት?"

"ምን ሆነች?"

"ታየኛለች። ታየኛለች፣ ዝም። ሌሊት ተነስቼ ትተነፍስ እንደሆነ አዳምጣለሁ።" ኮፍያውን ጨመደደው። "አጠገቧ ቁጭ ብዬ 'እማዬ፣ አለሁ እኮ' እላታለሁ። 'አውቃለሁ፣ እሱ ግን ማነው?' ትለኛለች። ከሰዓት ከሰዓት ደግሞ ትጠፋለች።"

"ወዴት?"

"እናንተ ቤት።"

የኮሜዲ ቤቱ ከዚያ ቀን ወዲህ ተዘግቷል። ቁልፉ ያለው እኔና ዌንደል ዘንድ ብቻ ነው።

አብረን ሄድን። ፀሐይ ነበረች። ልጆች አስፋልት ላይ ብስክሌት ይነዳሉ። በሩ አልተቆለፈም።

ደረጃውን ወረድን...

ማሞቂያው ጠፍቷል። መብራት የለም፣ ከላይ ካለችው ትንሽ መስኮት የሚገባ ብርሃን ብቻ።

ሁሉም ነበሩ።

ቀይ ሹራብ የለበሱት አባት። ጭስ የሸተታቸው ሽማግሌ። ማርጅ ከፊት፣ ዌንደል ከጎኗ። ወደ መድረኩ ዞረው ተቀምጠዋል። መድረኩ ላይ ምንም የለም። በርጩማው ራሱ ተወስዷል።

"እማዬ?" አለ ቶድ፣ በሹክሹክታ።

ማንም አልዞረም።

ክንዱን ያዝኩት። "ቆይ" አልኩት። "አትናገር..."

ባዶው መድረክ ዝም ብሏል። ቤቱ ዝም ብሏል። እኔም ሳላውቀው ትንፋሼን ይዣለሁ።

ከዚያ...

ባንድ ጊዜ ሳቁ።

ሁሉም። እንደ አንድ ሰው። ሆዳቸውን ይዘው፣ እየተንፈራፈሩ፣ ከወንበር እየወደቁ። ሽማግሌው ወለሉን በጡጫ ይመታሉ። ዌንደል እንባው በፂሙ ላይ ይወርዳል። እንደዚያ ሲስቅ አይቼው አላውቅም።

ማርጅ ዞር ስትል ልጇን አየችው። ፊቷ በራ። የድሮዋ ማርጅ ናት፣ ድምፀ ጎርናናዋ።

"ቶድዬ! መጣህልኝ? ና፣ ና የኔ ጌታ!"

ሮጦ እቅፏ ውስጥ ገባ። አለቀሰ። ትልቅ ሰውዬ እንደ ሕፃን። ጀርባውን እየደባበሰች አፏን ወደ ጆሮው አስጠጋች።

የሆነ ነገር አንሾካሾከችለት።

አጭር ነው። ሁለት ቃል ቢሆን ነው።

ቶድ ቀና አለ። መጀመሪያ ፊቱ ባዶ ሆነ። ቀጥሎ ከንፈሩ ተንቀጠቀጠ። ከዚያ ሳቁ መጣ... ተንበርክኮ፣ የእናቱን ቀሚስ ይዞ፣ ሳቀ።

"ግሌን" አለኝ ዌንደል።

ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ።

"የቀረኸው አንተ ብቻ ነህ ወንድሜ። ና፣ ጆሮህን ስጠኝ። እንዲህ ቀላል ነገር ነበር እኮ!"

እጁን ዘረጋልኝ። ፊቱ ላይ ክፋት የለም። የልጅነት ጓደኛ ጥሩ ወሬ ይዞ ሲመጣ የሚያሳየው ፊት ነው። አንድ እርምጃ ወደ እሱ ሄድሁ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ሁለተኛውንም ሄጃለሁ።

ዓይኑን አየሁት።

ዓይኑ አልሳቀም ነበር። ዓይኑ፣ "ሂድ" ይለኛል።

ደረጃውን እንዴት እንደወጣሁት አላስታውስም።

አሁን ሚያዝያ ነው። በረዶው ቀልጦ አልቋል፣ ዛፎቹ ቅጠል ማውጣት ጀምረዋል። ሥራ ለቅቄያለሁ። ስልክ ሲጠራ ድምፁን ሳላጣራ ጆሮዬ ላይ አላደርግም።

ትናንት ከሰዓት መስኮቴ አጠገብ ተቀምጬ አንድ የሚፋቅ ብረት ድምፅ ሰማሁ።

መጋረጃውን ገለጥ አደረግሁ።

የበረዶ መጥረጊያ መኪና ነው። መጥረጊያውን መሬት አድርሶ ደረቁን አስፋልት እየፋቀ፣ ብልጭታ እየተፋ፣ ቀስ ብሎ ይመጣል። ቶድ ይነዳል። ማርጅ ከጎኑ ናት፣ የቤተ ክርስቲያን ልብሷን ለብሳለች።

ቤቴ ፊት ለፊት ሲደርስ ቆመ።

ከፊቱ ማንም አልነበረም። መንገዱ ባዶ ነው። ድመት እንኳ የለም።

ቶድ ጥሩምባ ነፋ።

ጠበቀ...

መስኮቱን ዝቅ አድርጎ አንገቱን አወጣና፣ ለባዶው መንገድ አንድ ነገር ተናገረ።

ከዚያ እናትና ልጅ አንድ ላይ፣ ቀስ ብለው፣ ዓይናቸውን ከባዶው ቦታ ወደ ቤቴ በር አዞሩ... የሆነ ነገር ወደ እኔ ሲራመድ በዓይናቸው እንደሚከተሉት ሆነው።